ልጇ የአያቷ ወንድም የሆነባት ሴት፦ የአንድሮሜዳ ዘርና የሄርኩለስ ነገር

ጥያቄሽ ይሄ ነው፦ «ሄርኩለስ የዜውስ ልጅ ነው ይባላል። ፐርሲየስም የዜውስ ልጅ ነው። ስለዚህ ወንድማማቾች መሆን አለባቸው። ሌላ ቦታ ሳነብ ግን ፐርሲየስ የሄርኩለስ ቅድመ አያት ነው ይላል። የቱ ነው የተሳሳተው? ደግሞ የፐርሲየስ ሚስት አንድሮሜዳ የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ከሆነች፣ ሄርኩለስ የእኛ ደም አለበት ማለት ነው?»

የተሳሳተ የለም እህቴ። ሁለቱም ልክ ነው። ፐርሲየስ የሄርኩለስ ወንድምም ነው፣ ቅድመ አያቱም ነው። ሁለተኛው ጥያቄሽ ግን በአዎ ወይም በአይደለም ብቻ አያልቅም፤ ወደ ኋላ ላይ ሰፋ አድርጌ እመለስበታለሁ። ስሞቹን በግሪኩ አጠራር ነው የምጽፈው። ፐርሲየስ «ፔርሴዎስ»፣ ሄርኩለስ «ሄራክልስ» ይሆናል። ሄርኩለስ የሚለው ከሮማውያን የመጣ ነው።

ይህን ትምህርት ሳስተምር ሁሌ የማየው ነገር አለ። ተማሪ የዘር ሐረግ ሣል ሲባል መጀመሪያ የግሪክ አማልክትን ንጉሥ ዜውስን ሰሌዳው አናት ላይ ይጽፋል። ከዚያ ወደ ታች ይወርዳል። ሦስት መስመር ሳይሄድ ይምታታበታል። ምክንያቱም ዜውስ አያረጅም፣ አይሞትም። ዛሬ ከአንዲት ሴት ይወልዳል፣ ሦስት ትውልድ ቆይቶ ደግሞ ከዚያው ቤት ከወጣች ሌላ ሴት ይወልዳል። በየትውልዱ ብቅ የሚል አባት የቆጠራ መነሻ አይሆንም። ስለዚህ «አጥፉት፣ ከአንድሮሜዳ ጀምሩ» እላቸዋለሁ። እሷ አንዴ ተወለደች፣ አንድ ባል አገባች፣ ልጆቿም በስም ይታወቃሉ። ከእሷ ወደ ታች ስትቆጥሪ ነገሩ ይጠራል።

አንድሮሜዳ የኬፌዎስና የካሲዮፔያ ልጅ ናት። ኬፌዎስ ግሪኮች «አይቲዮፒያ» የሚሏት አገር ንጉሥ ነው። ካሲዮፔያ በቁንጅና የባሕሩን ሽማግሌ የኔሬዎስን ሴት ልጆች እበልጣለሁ ብላ ተኩራራች። እነሱ ተቆጡ፣ የባሕሩ ጌታ ፖሲዶንም አብሯቸው ተቆጣና በአገሩ ላይ ጎርፍና የባሕር አውሬ ላከ። ከግብፁ አምላክ ከአሞን ቤተ መቅደስ የመጣው ንግርት መዳኛው ልጅቷን ለአውሬው መስጠት ነው አለ። ሕዝቡ ንጉሡን አስጨነቀው፣ አንድሮሜዳ ባሕር ዳር ቋጥኝ ላይ ታሰረች። የተኩራራችው እናት፣ የታሰረችው ልጅ። ይህን ታሪክ በማስተምርበት ዓመት ሁሉ እዚህ ጋ ስደርስ ያመኛል።

ፔርሴዎስ ያያትን ሁሉ ድንጋይ የምታደርገውን የሜዱሳን ራስ ቆርጦ ሲመለስ በዚያ በኩል ሲያልፍ አያት። ካዳንኳት ትዳሩኛላችሁ ብሎ ከአባቷ ጋር ተዋዋለና አውሬውን ገደለ። ቀድሞ የታጨችው ለአባቷ ወንድም ለፊኔዎስ ነበር። እሱ ሴራ ሲጠነስስ ፔርሴዎስ የሜዱሳን ራስ አሳይቶ ድንጋይ አደረገው።

ፔርሴዎስ ራሱ የማን ልጅ ነው? እናቱ ዳናኤ የአርጎስ ንጉሥ የአክሪስዮስ ልጅ ናት። «የልጅህ ልጅ ይገድልሃል» ስለተባለ አባቷ በነሐስ በተሠራ ክፍል ቆለፈባት። ዜውስ የወርቅ ዝናብ ሆኖ ገባ። ዜውስን እዚህ ጋ አንድ በዪ፤ እንደገና ይመጣል።

አንድሮሜዳና ፔርሴዎስ ሰባት ልጆች ወለዱ። ስድስት ወንድ፣ አንዲት ሴት። የበኩሩ ፔርሴስ ነው፣ እሱን በአያቱ በኬፌዎስ ቤት ትተውት ወደ ግሪክ ሄዱ። ከዚያ አልካዮስ፣ ስቴኔሎስ፣ ሄሌዮስ፣ ሜስቶር፣ ኤሌክትሪዮን፣ ሴቷ ደግሞ ጎርጎፎኔ። ለጥያቄሽ የምንፈልጋቸው ሦስት ናቸው፦ ኤሌክትሪዮን፣ አልካዮስና ስቴኔሎስ። ኤሌክትሪዮን አልክሜኔን ወለደ። አልካዮስ አምፊትሪዮንን ወለደ። ስቴኔሎስ ኤውሪስቴዎስን ወለደ። ሦስቱም የአንድሮሜዳ የልጅ ልጆች ናቸው፣ እርስ በርሳቸው የአጎት ልጆች። አልክሜኔና አምፊትሪዮን ተጋቡ። የሄራክልስ እናት አልክሜኔ ናት። በቃ፣ በእናቱ በኩል አለቀ፦ እናቱ አልክሜኔ፣ አያቱ ኤሌክትሪዮን፣ ቅድመ አያቶቹ ፔርሴዎስና አንድሮሜዳ።

አሁን ዜውስ ለሁለተኛ ጊዜ የሚገባበት ቦታ ላይ ደረስን። ታሪኩን ሳልነግርሽ ማለፍ አልችልም፣ ምክንያቱም ቀጥሎ የሚመጣው ሁሉ የሚያያዘው እዚህ ላይ ነው።

የአልክሜኔ ወንድሞች በከብት ዘራፊዎች ተገደሉ። አምፊትሪዮን የተዘረፉትን ከብቶች አስመልሶ ለአጎቱ ለሚኬኔው ንጉሥ ለኤሌክትሪዮን ሲያስረክብ አንዷ ላም ደንብራ ሮጠች። በእጁ የያዘውን ዱላ ወረወረባት። ዱላው ቀንዷን መትቶ ነጠረና የኤሌክትሪዮንን ራስ መታ። ሰውየው እዚያው ሞተ። አምፊትሪዮን የሚስቱን አባት፣ የገዛ አጎቱን፣ ሳያስበው ገደለ ማለት ነው። ስቴኔሎስ ይህን ምክንያት አድርጎ ከአገር አባረረውና የሚኬኔን ዙፋን ያዘ። ሄራክልስ ከአባቶቹ አገር ርቆ በግሪኳ ቴብስ የተወለደው ለዚህ ነው። አልክሜኔ ባሏን ተከትላ ተሰደደች፣ ግን የወንድሞቼ ደም ሳይመለስ አልጋ አንጋራም አለችው። ደም ሊመልስ ዘመተ። ድል አድርጎ ሊመለስ ሲል ዜውስ የአምፊትሪዮንን መልክ ይዞ ቀድሞት ገባ። የዘመቻውን ወሬ እያወራላት፣ ሌሊቱን የሦስት ሌሊት ያህል አርዝሞ አብሯት አደረ። ቀጥሎ እውነተኛው ባሏ መጣ። አልክሜኔ መንታ ወለደች፦ ከዜውስ ሄራክልስን፣ ከባሏ ኢፊክልስን።

በነገራችን ላይ የዜውስን ስም በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ አንብበሽዋል። ሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 14 ላይ የልስጥራ ሰዎች በርናባስን «ድያ» ጳውሎስን «ሄርሜን» ብለው ሊሠዉላቸው ሲነሡ፣ አማልክት ሰዎችን መስለው ወደ እኛ ወርደዋል ብለው ነበር። ድያ ማለት ዜውስ ነው። የልስጥራ ሰዎች እንደዚያ ያሰቡት እንደ አልክሜኔ ያለ ታሪክ ሲሰሙ ስላደጉ ሳይሆን አይቀርም።

አሁን ሁለቱን ቆጠራ አንድ ላይ አስቀምጪው። ዜውስ የፔርሴዎስ አባት ነው። ዜውስ የሄራክልስም አባት ነው። ስለዚህ በአባት ወንድማማቾች ናቸው። በእናት ስትቆጥሪ ግን በመካከላቸው ኤሌክትሪዮንና አልክሜኔ አሉ። አልክሜኔ ሄራክልስን አቅፋ ስታጠባ የያዘችው የአያቷን ወንድም ነው። ዜውስ ራሱ ደግሞ ቅድመ አያቷ ነው። ለጆሮ ይከብዳል፣ አውቃለሁ። ግሪኮቹም ነገሩ አልጠፋቸውም። ዜውስ ከሰው ልጅ ሴቶች ጋር የተኛው ለመጨረሻ ጊዜ ከአልክሜኔ ጋር ነው የሚል አባባል ነበራቸው፣ የመጀመሪያዋ ኒዮቤም የአርጎስ ሴት ነበረች።

የኢፊክልስ ደግሞ ይብሳል። የአልክሜኔ እናት አናክሶ የአልካዮስ ልጅ ናት በሚለው ቆጠራ ከሄድሽ፣ ኤሌክትሪዮን የወንድሙን ልጅ ነው ያገባው። አምፊትሪዮን ደግሞ የአናክሶ ወንድም ነው። ስለዚህ አምፊትሪዮን ለሚስቱ ባሏም፣ የአጎቷ ልጅም፣ የእናቷ ወንድምም ነው። ሄራክልስ በሁለት መንገድ የአንድሮሜዳ ዘር ሲሆን ኢፊክልስ በሦስት ይሆናል። እኛ ዘርን «ሐረግ» ብለን መጥራታችን ለዚህ ቤት በጣም ይስማማል፣ ሐረጉ ዞሮ ራሱ ላይ ነው የሚጠመጠመው።

ኤውሪስቴዎስስ? ሄራክልስን አሥራ ሁለቱን ሥራዎች ያሠራው ንጉሥ እሱ ነው፣ እና ብዙ ሰው ባዕድ ጠላት ይመስለዋል። አይደለም። የእናቱ የአጎት ልጅ ነው። ዜውስ «ዛሬ ከፔርሴዎስ ዘር የሚወለደው ይነግሣል» ብሎ በአማልክት ፊት ተናገረ፣ ሄራክልስን አስቦ። ሚስቱ ሄራ አስማለችው። ከዚያ ወርዳ የአልክሜኔን ምጥ አዘገየች፣ የስቴኔሎስን ሚስት ደግሞ በሰባት ወሯ አስወለደች። መሐላው ለኤውሪስቴዎስ ሆነ። የሄራክልስ መከራ ሁሉ መነሻው ይህ የአንድ ቀን ልዩነት ነው። ሄራ ለእሱ እንጀራ እናቱ ናት፣ ስሙ ደግሞ «የሄራ ክብር» ማለት ነው። ቀድሞ የሚጠራው በአያቱ በአልካዮስ ስም «አልኪዴስ» ተብሎ ነበር ይላሉ። እዚህ ላይ ልብ በዪ፦ አልካዮስ የአምፊትሪዮን አባት ነው። ሰዉ ሁሉ የዜውስ ልጅ መሆኑን እያወቀ፣ በስም ግን ያሳደገው አባት ቤት ልጅ ነው። ለግሪኮች የወለደው አምላክ ክብር ይሰጣል፣ ርስትና አገር የሚቆጠረው ግን በቤቱ ነው።

እስካሁን ወደ ታች ነው የወረድነው። ትንሽ ወደ ላይ እንውጣ፣ ምክንያቱም ሰባት ቤት ቆጥሮ ለሚጋባ አገር ሰው የሚገርም ነገር አለ። ፔርሴዎስና አንድሮሜዳ ዘመዳሞች ናቸው! ኢዮ የምትባል የአርጎስ ልጅ ከዜውስ ጋር በነበራት ነገር ወደ ጊደር ተለውጣ፣ ስትንከራተት ግብፅ ደርሳ ኤፓፎስን ወለደች። የኤፓፎስ ልጅ ሊቢያ ናት፣ የሊቢያ ልጅ ቤሎስ። ቤሎስ ዳናዎስንና አይጊፕቶስን ወለደ፣ በአንደኛው ቆጠራ ደግሞ ኬፌዎስንና ፊኔዎስንም። ከዳናዎስ ሂፐርምኔስትራ፣ ከእሷ አባስ፣ ከአባስ አክሪስዮስ፣ ከአክሪስዮስ ዳናኤ፣ ከዳናኤ ፔርሴዎስ። ከቤሎስ ስትቆጥሪ ፔርሴዎስ ስድስተኛ ነው። አንድሮሜዳ ግን ሁለተኛ ናት። ያገባችው የአጎቷን ልጅ የልጅ ልጅ ልጅ ልጅ ነው ማለት ነው። በእኛ ደንብ ሽማግሌ የሚመልሰው ጋብቻ ነበር። ዕድሜያቸው እንዴት ገጠመ ብለሽ አትጨነቂ። የተለያዩ ከተሞች የየራሳቸውን ሐረግ ሲያወሩ ኖረው ኋላ ላይ ጸሐፊዎች አንድ ላይ ስለሰፉት፣ ስፌቱ በየቦታው ይታያል።

አሁን ወደ ደም ጥያቄሽ።

በተረቱ ውስጥ መልሱ አዎ ነው። የሄራክልስ ቅድመ አያት የአይቲዮፒያ ንጉሥ ልጅ ናት፣ ይህን ማንም አይክደውም። ጥያቄው አይቲዮፒያ የት ናት የሚለው ነው። ቃሉ ግሪክ ነው፣ ማቃጠልና ፊት ከሚሉ ሁለት ቃላት የተሠራ፣ ፊቱ በፀሐይ የጠቆረ ሕዝብ ለማለት። ባለቅኔው ሆሜር ዘንድ ኢትዮጵያውያን በዓለም ዳር የሚኖሩ ናቸው፣ ግማሾቹ ፀሐይ በምትወጣበት፣ ግማሾቹ በምትገባበት። ነቀፋ የሌለባቸው ይላቸዋል። ዜውስ ከሌሎቹ አማልክት ጋር ለግብዣ እነሱ ዘንድ ሄዶ አሥራ ሁለት ቀን ይቆያል። ኋላ ላይ የታሪክ ጸሐፊው ሄሮዶቱስ ከግብፅ በስተደቡብ ያሉትን፣ ዋና ከተማቸው መርዌ (በዛሬዋ ሱዳን) የሆነችውን፣ ኢትዮጵያውያን ብሎ ጻፈ፤ በምሥራቅም፣ ፀጉራቸው ያልተከረደደ ሌሎች ኢትዮጵያውያን አሉ አለ። የአይሁድ መጻሕፍት ወደ ግሪክ ሲተረጎሙ «ኩሽ» የሚለው «አይቲዮፒያ» ሆነ። ሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 8 ላይ ያለችው የኢትዮጵያ ንግሥት ህንደኬም የመርዌ ናት፣ ቃሉ የመርዌ ንግሥቶች ማዕረግ ነው። አክሱም ስሙን ለራሷ የወሰደችው በኋላ ነው። በ4ኛው መቶ ዘመን ንጉሥ ኢዛና ባስቀረጸው ጽሑፍ ላይ ግዕዙ «ሐበሠት» ያለውን ግሪኩ «አይቲዮፕስ» ብሎ ጽፎታል።

የአንድሮሜዳን ቋጥኝ ደግሞ ብዙዎቹ ጸሐፊዎች ያደረጉት ኢዮጴ ላይ ነው፣ ዮናስ በመርከብ የተሳፈረባት የዛሬዋ ያፎ። ቴል አቪቭ አካባቢ ያሉ ወገኖቻችን ከያፎ ወደብ ሆነው ዛሬም የአንድሮሜዳ ቋጥኝ የሚባለውን ያዩታል። የአይሁድ ታሪክ ጸሐፊው ዮሴፍ የሰንሰለቷ ምልክት እዚያ ይታያል ብሎ ጽፏል። ሮማዊው ፕሊኒ ደግሞ ከኢዮጴ ወደ ሮም የመጣ የአውሬው አጥንት አርባ ጫማ ይረዝም ነበር ይላል። ዓሣ ነባሪ ሳይሆን አይቀርም።

መልኳስ? ግሪኮችም ሮማውያንም በዚህ አልተስማሙም። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው መቶ ዘመን የተሠሩ የአቴና ሸክላዎች ላይ የምሥራቅ ሰዎችን ልብስ ለብሳ ትታያለች፣ በአንዳንዱም ጥቁር አገልጋዮች አብረዋት አሉ። ሮማዊው ባለቅኔ ኦቪድ ግን በአንድ ቦታ የአገሯ ቀለም ያላት ጠይም ሴት አድርጎ፣ ፔርሴዎስም እንደዚያው ወደዳት ይላል። ሄሊዮዶሮስ የሚባል የኋላ ዘመን የግሪክ ጸሐፊ ደግሞ በልብ ወለዱ ውስጥ የመርዌን ነገሥታት የፔርሴዎስና የአንድሮሜዳ ዘር አድርጓቸዋል። ንግሥቲቱ በመኝታ ቤቷ የተሣለችውን ነጭ አንድሮሜዳ እያየች ስለፀነሰች ነጭ ሴት ልጅ ወለደች፤ መላው ታሪክ የሚነሣው ከዚያ ነው።

ስለዚህ የእኔ መልስ ይሄ ነው። አንድሮሜዳ የጎንደር ወይም የአክሱም ልጅ ናት አትበዪ፣ ታሪኩ አይደግፍሽም። እዚህ ግባ የማይባል ተረት ነው ብለሽም አትተዪው። ግሪኮች ትልቁን ጀግናቸውን፣ የስፓርታ ነገሥታት አባታችን የሚሉትን፣ ታላቁ እስክንድርም ዘሬ ነው የሚለውን ሄራክልስን፣ በእናቱ በኩል ከደቡብ ሰዎች ጋር አዛምደውታል። ሄሮዶቱስ በግልጽ አምፊትሪዮንም አልክሜኔም ሐረጋቸው ከግብፅ ነው ይላል። ይህን የጻፈው ግሪካዊ ነው፣ ለግሪኮች።

ይህ የዝምድና ቆጠራ ለጨዋታ ብቻ እንዳልነበረ አንድ ምሳሌ ልጨምርልሽ። ኬፌዎስ ቤት የቀረው የበኩር ልጅ ፔርሴስ ትዝ ይልሻል? ፋርሶች ስማቸው ከእሱ ነው ይባል ነበር። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ480 የፋርሱ ንጉሥ ዘርክሲስ (የመጽሐፈ አስቴር አርጤክስስ እሱ ነው የሚሉ አሉ) ግሪክን ሊወር ሲነሣ ወደ አርጎስ መልእክተኛ ላከ ይባላል። መልእክቱ፦ እኛ የፔርሴስ ልጆች ነን፣ እሱ የፔርሴዎስና የአንድሮሜዳ ልጅ ነው፣ እናንተ ዘመዶቻችን ናችሁና አትውጉን። አርጎስ በጦርነቱ አልገባችም። ሌላ ምክንያት እንዳላቸው ይናገሩ ነበር፤ ወሬው ግን በመላው ግሪክ ሲነገር ኖሯል።

ሴቷን ልጅ ጎርጎፎኔንም አትርሻት፣ ማንም አይጠይቅም ስለ እሷ። ባሏ ሲሞት ሌላ ባል ያገባች የመጀመሪያዋ ሴት እሷ ናት ይላሉ አርጎሶች። ከእሷ ቲንዳሬዎስ ተወለደ፣ በአንደኛው ቆጠራ ኢካሪዮስም። ኢካሪዮስ የፔኔሎፔ አባት ነው። ባሏን ኦዲሴዎስን ሃያ ዓመት የጠበቀችው ፔኔሎፔ የአንድሮሜዳ የልጅ ልጅ ልጅ ናት ማለት ነው። በቲንዳሬዎስ ቤት ያደጉት መንትዮች ካስቶርና ፖሊዴውኬስ ደግሞ «ዲዮስኮሮይ» ይባላሉ፣ የዜውስ ልጆች። በቤተ ክርስቲያን የምንሰማው ዲዮስቆሮስ የሚለው ስም ቃሉ ከዚያው ነው።

ከሜምኖን ጋር እንዳትቀላቅያቸው ብቻ። ትሮይን ሊረዳ መጥቶ በግሪኩ ጀግና በአኪሌስ የተገደለው የኢትዮጵያውያን ንጉሥ ሜምኖን ከኬፌዎስ ቤት አይደለም። እናቱ ንጋት ናት፣ ኤዎስ፣ አባቱ የትሮይ ልዑል ቲቶኖስ። ስለዚህ ለትሮዩ ጀግና ለሄክቶር የአጎቱ ልጅ ነው። ወንድሙን ኤማቲዮንን የገደለው ግን ማን ይመስልሻል? ሄራክልስ ነው።

አሁን ወረቀት ያዢና ከአንድሮሜዳ ጀምረሽ ሣዪው። ዜውስን በሁለት ቦታ፣ ከዳናኤና ከአልክሜኔ አጠገብ፣ ከጎን ጻፊው፤ አናት ላይ አይደለም። ሲጠራልሽ ደግሞ በኅዳር ከምሽቱ 2 ሰዓት አካባቢ፣ መብራት ከሌለበት ቦታ፣ ፊትሽን ወደ ሰሜን አዙሪ። አምስት ኮከቦች ተሰባብሮ እንደ ተሳለ መስመር ሆነው ታያለሽ። ካሲዮፔያ ናት። ከእሷ በግራ ዝቅ ብሎ ባሏ ኬፌዎስ አለ፣ ደብዘዝ ይላል። በስተቀኝ ከአድማሱ ከፍ እያለ የሚመጣው አማቻቸው ፔርሴዎስ ነው። ከእናቷ በላይ፣ ወደ ሰማዩ መሐል የተዘረጋችው አንድሮሜዳ ናት፣ ጎኗ ላይ የምታያት ጭጋግ የመሰለች ነጠብጣብ ብርሃኗ 2.5 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ተጉዞ የደረሰን ጋላክሲ ናት። አውሬው ኬቶስ ከጀርባሽ በደቡብ ምሥራቅ ነው።